ሸክሟን አትንኩባት

ጆሃንስበርግ፣ ቤሪያ ሰፈር የምንኖርበት ሕንፃ አሳንሰሩ ከቆመ ቆይቷል፤ ውሃም ወደ ላይኞቹ ፎቆች መውጣት ከተወ ሰንብቷል። ስለዚህ ጠዋት ጠዋት ጀፕ ገበያ ወዳለው ሱቃችን ከመሄዳችን በፊት፣ ምድር ላይ ካለው ቧንቧ እየቀዳን በደረጃ እናወጣለን። ህንዳዊቷን ሴትዮ መጀመሪያ ያየኋት እዚያ ወረፋ ላይ ነው። አጭር ናት፤ ጸጉሯ ሸብቷል። ወፍራም የተራራ ጫማ አድርጋለች፤ ወገብ ላይ የሚታሰር ትልቅ የጀርባ ቦርሳ ይዛለች። ጀሪካኖቿን ሞልታ ቦርሳው ውስጥ ከተተች፣ ማሰሪያዎቹን አንድ በአንድ ስባ አጠበቀች፣ ከዚያ መውጣት ጀመረች።

ሁለተኛው ፎቅ ሳትደርስ አንድ ክፍል ተከራይተን አብሮኝ የሚኖረው የክፍል ጓደኛዬ ከኋላ ደርሶ ቦርሳውን ያዘባት። የሆሳዕና ልጅ ነው፤ እናቱን የምታህል ሴት ውሃ ተሸክማ እያየ ባዶ እጁን ማለፍ አይችልም።

"እማማ፣ ለእኔ ስጪኝ።"

"ተወኝ፣ ልጄ።"

"ኧረ በሞቴ!"

ተሸነፈች። እሱ ቦርሳውን አንጠልጥሎ እየሮጠ ወጣ፤ እሷ ከንፈሯን ነክሳ ባዶ እጇን ተከተለችው።

በማግስቱ ሌላው የአገራችን ልጅ ተቀበላት፣ ከዚያም ሌላው። የሕንፃው ዘበኛ ዙሉ ነው፤ በቋንቋው አያቴ ማለቱ ነው፣ "ጎጎ፣ አርፈሽ ተቀመጪ፣ እነዚህ ሐበሾች ጉልበት አላቸው" እያለ ይስቅባት ነበር። እኔ ብዙ አልናገርም፤ እንግሊዝኛዬንም ያገኘሁት አሮጌ መጻሕፍት ብቻዬን እያነበብኩ ነው። ምናልባት ዝም ስለምል ይሆናል፣ ከእኔ ጋር መውጣት ወደደች። ደረጃ ላይ አትናገርም፤ የምታወራው ፎቅ ላይ ቆም ስትል ነው። ሕይወቷን የሰማሁት እንዲህ በቁርጥራጭ ነው።

የተወለደችው በሰሜን ህንድ፣ በረዶ የለበሰ ተራራ ከመስኮት በሚታይበት ከተማ ነው። ተራራ መውጣት ስትማር አስተማሪዎቹ ሴቶቹን ድንኳን ጠብቁ፣ ሻይ አፍሉ ይሏቸው ነበር። እሷና ጓደኞቿ የሴቶች ብቻ ቡድን አቋቁመው የመጀመሪያ ትልቅ ተራራቸውን ወጡ። ጋዜጣው "ደፋሮቹ ልጃገረዶች" ብሎ ጻፈ፤ እሷ ያኔ የልጅ እናት ነበረች። በኋላ የባሏ ሥራ ጆሃንስበርግ አመጣት። ሳምንቱን ፋርማሲ ትሠራለች፣ በዕረፍቷ ድራከንስበርግ በሚባሉት ተራሮች ገደሎች ላይ ትውላለች፤ ሌሎችን እየመራች ኪሊማንጃሮ ወጥታለች። የቀራት ያ በልጅነቷ ከመስኮቷ ታየው የነበረው ተራራ ነው።

"ዓምና ጫፉ እየታየኝ ዘገየሁ" አለችኝ። "የጉዞው መሪ ሸክሜን ለሌላ ሰው ሰጠው። ከዚያ 'ሸክምሽን ካልቻልሽ ራስሽንም አትችይም' ብሎ ከመንገድ መለሰኝ።"

መሪው እዚሁ ከተማ ነው የሚኖረው። በወሩ መጨረሻ እዚህ ሕንፃ መጥቶ ስትሸከም ሊያያት ነው፤ ካልቻለች በቀጣዩ ጉዞ ያላት ቦታ ለሌላ ይሰጣል።

"ለምን እዚህ መጡ?" አልኳት።

"ቤቴ ፎቅ የለውም። ደግሞ ውሃ አውጥቼ መድፋት አልወድም፤ እዚህ የሚጠጣው ሰው አለ።"

ውሃውን የምትቀበላት መጨረሻው ፎቅ ላይ የምትኖረው እትዬ ናት፤ የቤተ ክርስቲያናችን ሴቶች ታላቅ፣ ጀፕ ልብስ ቸርቻሪ። እትዬ አዘነችላትና አንድ ቀን ጎረምሶቹን አዛ በርሜሏን ሁሉ በጠዋት አስሞላች። ሴትዮዋ ላቧን እያንጠባጠበች ደረሰች።

"አየሽ፣ ዛሬ ዕረፍትሽ ነው!" አለቻት እትዬ።

ሴትዮዋ ቦርሳዋን አውርዳ ላዩ ላይ ተቀመጠች። "ንገራት" አለችኝ። ሁሉንም ነገርኳት፤ ተራራውን፣ መሪውን፣ የወሩን መጨረሻ። እትዬ እጇን አገጯ ላይ አድርጋ ሰማች።

"እና ይሄን ሁሉ ጊዜ ስንረዳት ስንጎዳት ነበራ?"

"አዎ።"

"አንተ ዲዳ፣ ምነው ሳትናገር?"

"ለልጆቹ ተናግሬ ነበር። ማን ሰማኝ?"

ማታ ጸሎት ላይ እትዬ ቆመች። "የዚያችን ሴትዮ ሸክም የነካ ጠቡ ከእኔ ጋር ነው።"

"ነውር አይሆንም?" አለ የክፍል ጓደኛዬ።

"ነውሩ በእኔ ይሁን!"

ከዚያ ወዲያ ሴትዮዋ ስትወጣ ወንዶቹ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ እያዞሩ ማለፍ ጀመሩ። ለማየት አልቻሉም፤ ግን አልነኳትም። እሷም በየሳምንቱ ሸክሟን ጨመረች።

መሪው የመጣው ቅዳሜ ነው፤ ረጅም ነጭ ሰውዬ፣ ሰላምታው አጭር። ቦርሳዋን በራሱ ሚዛን መዘነና ከኋላዋ ወጣ። በየፎቁ በሮች ገርበብ ብለው ነበር። ስምንተኛው ፎቅ ሳትደርስ አንድ ጉልበቷ መሬት ነካ። የክፍል ጓደኛዬ ባዶ ጀሪካን ይዞ አጠገቧ ቆሟል፤ እጁ ሲዘረጋ አየሁት።

"እጅህን ሰብስብ!" ብላ እትዬ ከላይ ጮኸች።

ደንግጦ ለቀቀው፤ ጀሪካኑ እየተንቋቋ ወደ ታች ወረደ። ሴትዮዋ ግድግዳውን ይዛ የወገቧን ማሰሪያ አጠበቀችና ተነሣች።

ላይ ስትደርስ መሪው "ውረጂና ድገሚው" አላት።

"ምን አለ?" አለች እትዬ።

"ድገሚ አላት።"

"ይሄን ሰው እናት አልወለደችውም?"

ሴትዮዋ ግን ፊቷን ወደ ደረጃው አዙራ መውረድ ጀምራለች። ሁለተኛውን ቀስ ብላ ወጣች፤ እግሯን እያስቀመጠች፣ ክብደቷን በላዩ እያሳረፈች፣ እንደገና እያስቀመጠች። ጉልበቷ መሬት አልነካም። መጨረሻው ፎቅ ላይ፣ ቦርሳው ከጀርባዋ ሳይወርድ፣ መሪው አዲስ ጓንት እንድትገዛና በሚያዝያ እንደሚሄዱ ነገራት።

እትዬ ክንዴን ጎተተችኝ። "አሁንስ ምን አላት?"

"ተቀበላት።"

"እሱ ማን ሆኖ ነው የሚቀበላት? ተራራው የእሱ ነው እንዴ!"