የትንሽ ጣት ውፍረት ያለው ቡሽ

ኢርማ ክላውሰን ሁልጊዜ ጠዋት ጫማዋን ከማድረጓ በፊት በእያንዳንዱ ጫማ ውስጥ፣ ተረከዙ ላይ፣ አንድ አንድ ቁራጭ ቡሽ ታስገባለች። ቡሾቹ የትንሽ ጣት ውፍረት አላቸው። በተረከዟ ቅርጽ በምላጭ የከረከመቻቸው ራሷ ናት፤ በዓመት ሁለቴ ትቀይራቸዋለች። ያለ እነሱ ከሎሬይን ማርስተን ታጥራለች። ከእነሱ ጋር እኩል ናት።

መተዳደሪያዋም ይኸው እኩልነት ነው። ሎሬይን ማርስተን በፊልም ላይ ትታያለች፤ ኢርማ ደግሞ በሎሬይን ቦታ ትቆማለች። የስቱዲዮ መብራት አንድን ፊት በትክክል እስኪይዝ አርባ ደቂቃ፣ አንዳንዴም ከአንድ ሰዓት በላይ ይፈጃል፤ ይህን ሁሉ ጊዜ ኮከብ የተባለ ሰው ቆሞ አይጠበስም። ስለዚህ ረዳት አዘጋጁ «ሁለተኛው ቡድን!» ብሎ ይጣራል፤ ኢርማ ወለሉ ላይ በጠመኔ በተሠራው ምልክት ላይ ትቆማለች፤ ባለካሜራው መብራቶቹን በእሷ ፊት እየለካ ያስተካክላል። ሲጨርስ «አንደኛው ቡድን!» ይባላል። ኢርማ ትወርዳለች፣ ሎሬይን ትተካለች፣ ቀረጻው ይጀመራል። በአሥራ ስድስት ዓመት ውስጥ ኢርማ ለሃያ ሦስት ፊልሞች እንዲህ ቆማለች። በአንዱም አትታይም።

ሁለቱ ሴቶች ወደ ሆሊዉድ የመጡት በአንድ ክረምት ነበር፤ ኢርማ ከነብራስካ የስንዴ አገር፣ ሎሬይን ከፔንስልቬንያ የከሰል ማዕድን። ያኔ የሎሬይን ስም ሎቲ ሱሬክ ነበር። በአንድ የኪራይ ክፍል፣ በአንድ አልጋ ኖሩ። በሁለቱ መካከል ደህና የሚባል ቀሚስ አንድ ብቻ ስለነበራቸው ለፊልም ፈተና ሲሄዱ በተራ ይለብሱት ነበር። አንድ ማክሰኞ ተራው የኢርማ ነበር። ሎቲ ቀድማ ነቃች። ማታ ቀሚሱን ለብሳ ስትመለስ ስቱዲዮው ቀጥሯት ነበር፤ በሳምንቱ ስሟንም ለወጡላት።

ስድስት ወር ቆይቶ ስቱዲዮው በአዲሷ ተዋናይት ቦታ የምትቆም ሴት ፈለገ። ጠጉሯ፣ ትከሻዋና ቁመቷ ከእሷ ጋር የሚመሳሰል መሆን ነበረበት። ሎሬይን «አንድ አውቃለሁ፤ የእኔ ልብስ ልክ ይሆናታል» አለች። ኢርማ ሥራውን ተቀበለች። ስለ ቀሚሱ ሁለቱም አንድም ቀን አንስተው አያውቁም።

ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ካለቀ በአራተኛው ዓመት መስከረም ላይ አንድ የፊልም መጽሔት የሎሬይንን ፎቶግራፍ በሙሉ ገጽ አወጣ። ሎሬይን በመስኮት አጠገብ ቆማ ወደ ውጭ ስታይ የሚያሳይ ነው። ከሥሩ «ሎሬይን ማርስተን፦ ዕድሜ የማይነካት» የሚል ተጽፎበታል። ሎሬይን መጽሔቱን ይዛ ወደ መቅረጫው አዳራሽ ገባችና ምልክቱ ላይ የቆመችው ኢርማ ፊት ዘረጋችው።

«ይሄ ማን ነው?»

«እርስዎ ነዎት ሚስ ማርስተን። ስሙ ከታች አለ።»

«ስሙንማ አነበብኩት። ጆሮውን ነው የምጠይቅሽ። የእኔ ጆሮ ከስድስት ዓመቴ ጀምሮ የተበሳ ነው። ይሄ ቀዳዳ የለውም።»

ኢርማ ፎቶግራፉን አየች። ጆሮው የራሷ ነው። የመጽሔቱ ፎቶ አንሺ ማን እንደሆነች ሳያጣራ፣ መብራት እየተስተካከለ ሳለ አንስቷት ሄዷል።

«ሦስት መቶ ደብዳቤ መጥቷል» አለች ሎሬይን። «ዘንድሮ አማረብሽ፣ እንደ ድሮሽ ሆንሽ ይላሉ። ማን ይመልስላቸው? ላንቺ ልላክልሽ?»

«ቴምብሩን ከቻሉልኝ እመልሳለሁ።»

ከላይ ከመብራቶቹ መሃል አንድ ሠራተኛ ሳቀ። ሎሬይን ቀና ስትል ሳቁ ተቋረጠ።

«ይሄ ፊልም ሲያልቅ የአንቺም ሥራ ያልቃል» አለች፣ ድምፅዋን ከፍ ሳታደርግ። ከዚያ ወደ ረዳት አዘጋጁ ዞረች። «ለሚቀጥለው ወጣት ፈልጉልኝ። ቁመቷ በተፈጥሮዋ ልክ የሆነ፤ ጫማዋ ውስጥ ቆሻሻ የማትጠቀጥቅ።»

ባለካሜራው ማይልስ ኦዴል ከካሜራው ኋላ ብቅ አለ። ስልሳ አራት ዓመቱ ነው፤ ሁለቱንም ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ያውቃቸዋል።

«ሚስ ማርስተን፣ ወጣት ፊት ላይ ምኑን አይቼ ልሸፍን? ኢርማና እርስዎ ሁለታችሁም አርባ አንድ ናችሁ። የእሷ አንገት የሚያሳየኝን ነው የእርስዎ ላይ የምደብቀው።»

ሰው ሁሉ ወደ ሎሬይን ዞረ። በስቱዲዮው ወረቀት ላይ የሎሬይን ዕድሜ ሠላሳ አምስት ነው።

«ሠላሳ አምስት» አለች ሎሬይን።

«ይቅርታ» አለ ኦዴል። «ሠላሳ አምስት።»

የፊልም ሰው ሁሉ እንደሚያውቀው፣ በቦታዋ የምትቆምላት ኮከብ የጣለቻትን ሴት ሌላ ኮከብ አያነሣትም። ሌሎቹ የየራሳቸው አሏቸው፤ ደግሞም ምን ብታደርግ ነው የተባረረችው ብለው ይጠይቃሉ። ኢርማ ሌላ ሙያ የላትም። የምታውቀው አለመንቀሳቀስን ነው።

የሎሬይንም ጉዳይ የተደላደለ አልነበረም። ውሏ በፈረንጆች አዲስ ዓመት ያበቃል። የስቱዲዮው አለቃ ሚስተር ሃርትማን ከማደሱ በፊት የዚህን ፊልም መጨረሻ ልይ ብሏል። መጨረሻው አንዲት ሴት በመስኮት አጠገብ ቆማ፣ ቃል ሳትናገር፣ ባሏ ጥሏት ሲሄድ የምታይበት ነው። ካሜራው ከፊቷ አይነሣም። ይህን በስቱዲዮው ውስጥ የማያውቅ አልነበረም፤ ኢርማም ታውቃለች።

ይህ ትዕይንት በሚቀረጽበት ረቡዕ ጠዋት ኢርማ ቡሾቹን ማዕድ ቤት ጠረጴዛዋ ላይ ትታ ወጣች። ረስታ አልነበረም።

ኦዴል መብራቱን በእሷ ላይ ሃምሳ ደቂቃ አስተካከለ። ከዋናው መብራት ፊት ጥቁር ጨርቅ ሰቀለ፤ የጨርቁ ጥላ ልክ ከአገጯ ሥር ጀምሮ አንገቷን ሸፈነው። ከካሜራው መነጽር እስከ አፍንጫዋ ያለውን ርቀት በሜትር ለካ። ቁመቷን አልለካም፤ ከመጀመሪያው ዓመት ወዲህ ለክቶት አያውቅም።

«አንደኛው ቡድን!»

ሎሬይን መጥታ ምልክቱ ላይ ቆመች። ጥላው የጀመረው ከአገጯ ሥር ሳይሆን አንድ ጣት ያህል ዝቅ ብሎ ነበር፤ በመሃሉ ያለው ቆዳ በሙሉ ብርሃን ተጋለጠ። ኦዴል አየና እጁን ወደ ጨርቁ ዘረጋ።

«ሚስተር ኦዴል» አለች ሎሬይን፣ ራሷን ሳታንቀሳቅስ። «እኔ ከቆምኩ በኋላ መብራት አይነካም። ውሌ ላይ አለ።»

«አንዲት ጣት ብቻ ከፍ—»

«ውሌን ያንብቡ።»

ኦዴል እጁን መለሰ። ቀረጻው በሁለተኛው ሙከራ አለቀ።

በማግስቱ አለቆቹ የተቀረጸውን በማሳያው ክፍል አዩት። ምሳ ሰዓት ላይ፣ ክፍሉ ውስጥ የነበረችው የጽሑፍ ተቆጣጣሪዋ ፐርል ለኢርማ ነገረቻት።

«አንገቷ እንደ ተነጨ ዶሮ ነው የታየው። ሃርትማን ሁለት ጊዜ አስደገመው።»

«ምን አለ?»

«ስለ እሷ ምንም። ስለ ኦዴል ነው የተናገረው። ሽማግሌው ዓይኑ ጠፍቷል፣ ሰኞ ሌላ ባለካሜራ አምጡ አለ። ኦዴል ሲወጣ አየሁት፣ ኮፍያውን እንኳን ረስቶታል።»

ኢርማ ሳንድዊቿን መልሳ በወረቀቱ ጠቀለለችው። ያሰበችው ጉዳቱ በሎሬይን ላይ ብቻ እንዲደርስ ነበር።

ከምሳ በኋላ ቤቷ ደርሳ ተመለሰችና ሳታንኳኳ ወደ ሎሬይን ክፍል ገባች። ሎሬይን መስታወቱ ፊት ተቀምጣለች፤ አንገቷ ላይ ሻርፕ ጠምጥማለች። ኢርማ ሁለቱን ቡሾች ከዱቄት ሣጥኑ አጠገብ አስቀመጠች።

«ትናንት አላደረግኋቸውም።»

ሎሬይን አንዱን አንስታ በሁለት ጣቶቿ መሃል ያዘችው። ቀስ ብላ ሻርፑን ፈታችና በመስታወቱ ውስጥ አንገቷን አየች። ፊቷ ላይ መጀመሪያ የታየው ቁጣ ሳይሆን እፎይታ ነበር።

«እንግዲያው አንገቴ አይደለም።»

«አንገትሽማ ያው አንገትሽ ነው፣ ሎቲ። ኦዴል ነው የሚሸፍንልሽ።»

በዚህ ስም ሰው ከጠራት ብዙ ዓመት ሆኖታል። ቁጣው አሁን መጣ።

«አሥራ ስድስት ዓመት ሥራ ሰጥቼሻለሁ። ከመንገድ ላይ ነው ያነሣሁሽ።»

«በእኔ ቀን ቀሚሱን ለብሰሽ ነው ያነሣሽኝ።»

«ያን ቀን አንቺ ብትሄጂ ኖሮ በዚያው ባቡር ነብራስካ ይመልሱሽ ነበር።»

«ሊሆን ይችላል። ተራው ግን የእኔ ነበር።»

ሎሬይን ተነሣች። «አሁን ከእኔ ጋር ወደ ላይ ትወጪያለሽ። የሠራሽውን በራስሽ አፍ ለሃርትማን ትናገሪያለሽ።»

«ልናገር ነው የመጣሁት። ላንቺ ብዬ እንዳይመስልሽ።»

ሚስተር ሃርትማን ሁለቱንም ቆሞ ሰማቸው። ቡሹን ጠረጴዛው ላይ አገላበጠው። ኦዴል ይቆይ አለ፤ ትዕይንቱ ዓርብ ይደገም አለ፤ በአንድ ቀን ሌላ ልክ የምትሆን ሴት ማግኘት ስለማይቻል ኢርማ ዓርብን ትቁምና ማታ ዕቃዋን ይዛ ትውጣ አለ። ከዚያ በሩን አሳያቸው። ደረጃውን ሎሬይን ከፊት፣ ኢርማ ከኋላ ሆነው ወረዱ።

ዓርብ ጠዋት ኦዴል ሜትሩን አውጥቶ ከወለሉ እስከ አናቷ ለካት።

«አድርጌያቸዋለሁ» አለች ኢርማ።

«አውቃለሁ» አለ። ሆኖም ቁጥሩን ከወረቀቱ ጋር አመሳከረ፤ ከዚያም ጫማዋን አስወልቆ ውስጡን አየ። ሲጨርስ እንደ ወትሮው «ቀና በይ፣ እመቤቴ» አላላትም። «አገጭ» ብቻ አለ።

አገጯን ቀና አደረገች። አንድ ሰዓት ከአሥር ደቂቃ ሳትንቀሳቀስ ቆመች። ጥላው ከአገጯ ሥር በትክክል አረፈ። ስትወርድ ሎሬይን እያየቻት በአጠገቧ አለፈችና ምልክቱ ላይ ቆመች። በመጀመሪያው ሙከራ አለቀ።

ሃርትማን የዓርቡን አይቶ የሎሬይንን ውል ለሁለት ዓመት አደሰው። አዲሱ ፊልም ጥር ላይ ተጀመረ። በመጀመሪያው ጠዋት «ሁለተኛው ቡድን!» ሲባል ምልክቱ ላይ የቆመችው ከኦሃዮ የመጣች የሃያ ሁለት ዓመት ልጅ ናት። ቁመቷ ከሎሬይን ጋር ልክ ነው፤ ቡሽ አላስፈለጋትም። ኦዴል መብራቱን በእሷ ፊት ላይ አስተካከለ፤ አንገቷ የሚደበቅ ነገር ስላላሳየው በሃያ ደቂቃ ጨረሰ።