የእማማ ጾምና የእኔ የዱባ ማፊን

እኔ አልጾምም። በሃያዎቹ ዕድሜዬ ይህን ለሚሰማኝም ለማይሰማኝም እናገረው ነበር፤ ዛሬ ሃምሳን ተሻግሬ፣ ሰው ሲጠይቀኝ ብቻ እመልሳለሁ። ሆኖም ባለፈው ሁዳዴ በሰሜን ለንደን ከእኔ የበለጠ የጾም ማፊን የጋገረ ሰው ካለ ብተዋወቀው ደስ ይለኛል።

የጋገርኩት ለጓደኛዬ እናት ነው። እኔና ጓደኛዬ ከሠላሳ ዓመት በፊት ካምደን ውስጥ አንዲት ክፍል ተከራይተን፣ አንድ ካፖርት በየተራ እየለበስን የኖርን ሰዎች ነን። አሁን እሷ ሰቨን ሲስተርስ ናት፣ እኔ አርችዌይ። እናቷን ያመጣቻቸው በኋላ ነው፤ እማማ እላቸዋለሁ። ሰማንያን አልፈዋል። ከእኔ ቤት በእግር አምስት ደቂቃ በማይሞላ መንገድ ላይ፣ ለአረጋውያን በተሠራ ሕንፃ ውስጥ አንዲት ክፍል አላቸው። ጠዋትና ማታ ኬረር የምትባል ተንከባካቢ እየመጣች ታጥባቸዋለች፣ ታለብሳቸዋለች።

እማማ ድሮም ቀጭን ናቸው። ጾሙ በገባ በሳምንቱ ግን ቀለበታቸው ከጣታቸው ወልቆ ሶፋው ሥር ተገኘ። ሐኪሙ እንቁላልና ወተት ይውሰዱ አለ። ንስሐ አባታቸው ተደውሎላቸው፣ "የታመመ ሰው አይገደድም፤ ይብሉ፣ በእኔ ይሁን" አሉ። ሐኪሙ ፈቀደ፣ ቄሱ ፈቀዱ። እማማ ብቻ አልፈቀዱም።

"ምን ቀረኝ?" አሉኝ አንድ ቀን፣ የሶፋውን ጠርዝ በመዳፋቸው እየደባበሱ። "ገላዬን ሰው ያጥበኛል። ካልሲዬን ሰው ያጠልቅልኛል። ቤተ ክርስቲያን የምሄደው የሚወስደኝ ሲገኝ ነው። ጾሜን ግን የምጾመው እኔ ነኝ። ማንም አያግዘኝም።"

ሰው ሁሉ አዎ ሲል አይደለም እያልኩ በመጻፍ የምኖር ሰው ነኝ፤ ያን ቀን ግን ተነስቼ ሻይ አፈላሁላቸው።

ጓደኛዬ ከዚያ በፊት አንድ ሙከራ አድርጋ ተነቅቶባት ነበር፤ የአጃ ሾርባቸው ውስጥ የዱቄት ወተት ጨምራ። እማማ አንድ ማንኪያ ቀመሱና ሳህኑን በአንድ ጣት ገፋ አደረጉት። ከዚያ ወዲህ ከልጃቸው እጅ ሙዝ ብቻ ነበር የሚቀበሉት፤ እሱንም አገላብጠው ካዩት በኋላ።

"አንቺ ጋግሪላት" አለችኝ ጓደኛዬ። "ያንቺን ትበላለች።"

"እኔ እኮ አልጾምም።"

"ለዚያ እኮ ነው! ምን እንደምትል ታውቂያለሽ? 'እሷ የራሷ ጾም የላት፣ ለምን ብላ ትዋሸኛለች?'"

ስለ ጽሑፎቼ እንኳ እንደዚህ ያለ ሙገሳ አግኝቼ አላውቅም። በማግስቱ ዱባ ልገዛ ወጣሁ።

በዱባ ጉዳይ ትንሽ አዋቂ ሆኛለሁ። ፈረንጆቹ በጥቅምት መጨረሻ ፊት ቀርጸው በር ላይ የሚያቆሙት ትልቁ ብርቱካናማ ዱባ ለመልኩ ነው እንጂ ለሆድ አይረባም፤ ሲበስል ውሃ ነው። ሰቨን ሲስተርስ ያሉት ሱቆች ግን ቅርፊቱ አረንጓዴ፣ ሥጋው ጥቅጥቅ ያለ ዱባ በቁራጭ ይሸጣሉ። እሱን ሳልቀቅል ኦቨን ውስጥ እጠብሰዋለሁ፤ ከተቀቀለ ሊጡ ይቀጥናል። ተልባ ቆልቼ፣ ፈጭቼ፣ በለብ ያለ ውሃ በጥብጬ እስኪወፍር እተወዋለሁ። የእንቁላሉን ሥራ የሚሠራው እሱ ነው። ያልነጣ የስንዴ ዱቄት፣ ዘይት፣ በስኳር ፋንታ ተቀቅሎ የተፈጨ ተምር፣ ቀረፋ፣ ለሽታው ትንሽ ኮረሪማ። አሥራ ሁለት ይወጣዋል። እውነቱን ለመናገር አሥራ ሁለቱም ከበድ ይላሉ፤ ጤናማ የሚባል ምግብ ሁሉ ሰውን ትንሽ የመቅጣት አመል አለበት። እኔ ግን ወደድኩት። ኬክ ሆኖ ለመወደድ የማይለማመጥ ነገር ነው ብዬ፣ በባሕርይም የምንመሳሰል መስሎኝ።

ቅዳሜ ቅዳሜ ጠዋት በሰማያዊ የብስኩት ቆርቆሮ እወስድላቸዋለሁ። እማማ ክዳኑን ይከፍቱና ቀና ብለው ያዩኛል።

"የጾም ነው?"

"የጾም ነው እማማ።"

ከዚህ ሌላ መሐላ የለም። በእጃቸው ቆርሰው፣ አማትበው ይበላሉ። ቆርቆሮው በሳምንቱ ሲመለስልኝ ባዶውን አልነበረም፤ አንዴ ሎሚና እፍኝ ቆሎ፣ አንዴ የቤት ውስጥ ካልሲ ገባበት። ሁለት ቅዳሜ እንዲህ አለፈ።

በጾሙ አራተኛ ሳምንት ጉንፋን ጣለኝ። ጓደኛዬ ደውላ፣ "አንቺ ተኚ፣ አሠራሩን ላኪልኝ፣ እኔ እጋግራለሁ" አለች። ቆርቆሮውንም መጥታ ወሰደች። ሦስት ሳምንት ሙሉ እሷ ጋገረች፤ እኔም ሲሻለኝ እንኳ "እረፊ፣ ምን አስቸኮለሽ" ትለኝ ነበር። እማማ በየቅዳሜው ይደውሉልኝ ነበር። "እጅሽ ይባረክ። የዛሬውስ ልዩ ነው፣ እንደ ጥጥ" ይላሉ። አሠራሩ የእኔ ነውና ምስጋናውም የእኔ ነው ብዬ ተቀበልኩ። አሠራር ብቻ የላከ ሰው ይሄን ያህል ይመሰገን እንደሆነ ቆም ብዬ ማሰብ ነበረብኝ። ሲያመሰግኑኝ ግን ቆም ብዬ የማስብ ሰው አይደለሁም።

በሦስተኛው ቅዳሜ ጠዋት፣ ድኜ፣ ዱባ ልገዛ ሰቨን ሲስተርስ ሄድኩና ሳልደውል ጓደኛዬ ቤት ጎራ አልኩ። ማፊኖቹ ከኦቨን ወጥተው ጠረጴዛው ላይ ይቀዘቅዛሉ። የእኔዎቹ አናታቸው ጠፍጣፋ ነው፤ እነዚህ ጉልላት ሠርተዋል። ብርቱካን ሰጠችኝና ልጬ ልጣጩን ልጥል የምግብ ትርፍራፊ የሚጠራቀምበትን ትንሽ ባልዲ ከፈትኩ። ከዱባው ቅርፊት ላይ አራት የእንቁላል ቅርፊት፣ አንዱ በአንዱ ውስጥ በሥርዓት ተሰክቷል። ጓደኛዬ ድሮም ንጽሕና ትወዳለች።

"ይሄ ምንድን ነው?"

"የልጆቹ ቁርስ።"

"ልጆችሽ ማንችስተር ናቸው።"

ፎጣውን ትከሻዋ ላይ ጣል አደረገች። "እሺ። ምን ላድርግ? ትሙትልኝ?"

"እሳቸው አልበላም ብለዋል።"

"አባ ፈቅደዋል!"

"እሳቸው ግን አልፈቀዱም።"

"አንቺ ደግሞ ከመቼ ወዲህ ነው የጾም ጠበቃ የሆንሽው? ዓርብ ዓርብ በርገር የምትገምጪ ሴትዮ! እኔ ነኝ የዳቦ ማሸጊያ ጀርባ ሳይቀር እያነበብኩ የምጾመው። ክብደቷ ጨምሯል፤ ነርሷ ትናንት ቼክ አድርጋ አሳይታኛለች።"

"ማን ጋገረው ሲሉሽ ምን ትያቸዋለሽ?"

ወደ መስኮቱ ዞረች።

"ምን ትያቸዋለሽ?"

"አንቺ ነሽ እላታለሁ። የታመምሽውንም አልነገርኳት፤ ሥራ በዝቶባት በእኔ ላከችልሽ ነው ያልኳት። ታዲያ በማን ስም ላብላት? በእኔ ስም ሙዝ እንኳ የምትበላው ቼክ አድርጋ ነው!"

ከዚያ ቀጥላ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ "እስከ ፋሲካ ብቻ። እስከ ፋሲካ አፍሽን ያዥልኝ" አለች።

እሺም እምቢም አላልኩም። ወደ አርችዌይ በምመለስበት አውቶቡስ ፎቅ ላይ ተቀምጬ፣ ጭኔ ላይ የዱባውን ቁራጭ ይዤ፣ የተቃጠልኩበትን ነገር ለራሴ ለማስረዳት ሞከርኩ። እንቁላሉ አልነበረም። እኔ እንቁላል በልቼ ነው የወጣሁት። ሃይማኖት የለኝም፣ ወገን የለኝም፣ ማኅበር የለኝም፤ አንዲት አሮጊት "ይህቺ አትዋሽም" ማለታቸው ብቻ ነበር ያለኝ። እሱን ጓደኛዬ ሳትጠይቀኝ ወስዳ ሦስት ሳምንት ተጠቀመችበት። አንድ ካፖርት በየተራ ለብሰናል፤ ስሜን ግን አላዋስኳትም ነበር።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ራሴ ጋገርኩ። በተልባ፣ በተምር፣ እንደ ድሮው። ጓደኛዬ ደጋግማ ደወለች፣ አላነሳሁም። ቆርቆሮው እሷ ዘንድ ስለነበር በሳህን ይዤ ሄድኩ። እስከ በሩ ድረስ ምንም እንደማልናገር እርግጠኛ ነበርኩ፤ ይህን ለራሴ መከላከያ መናገር አለብኝ።

"የጾም ነው?" አሉ እማማ።

"የጾም ነው።"

ቆረሱ፣ አማተቡ፣ አኘኩ። አሁንም አኘኩ። ከዚያ ውሃ ጠየቁኝ።

"ዛሬ ምን ነካሽ ልጄ? ደረቀብሽ እኮ። ያለፉት ሦስቱ ነበሩ የተዋጡልሽ።"

ነገርኳቸው።

ብዙ አልፈጀም። እንቁላሉን፣ ባልዲውን፣ ሦስቱን ቅዳሜ። እማማ የቆረሱትን ቀስ ብለው ሳህኑ ላይ መለሱና ፍርፋሪውን ከነጠላቸው ላይ ለቀሙ።

"ሦስት ሳምንት?"

"አዎ።"

"ለምን ነገርሽኝ?"

"ማወቅ መብትዎ ነው ብዬ ነው እማማ።"

"መብቴ!" አሉ፤ ቃሉን ከአፋቸው እንደ ፀጉር አወጡት። "እሷ ልጄ ናት፤ ፈርታ ነው። ኃጢአቱም የእሷ ነበር፣ እግዜር ያውቅላታል። እኔ ሳላውቅ ስበላ ጾሜን እየጾምኩ ነበር። አሁን መቼ ልተካው? ከፋሲካ በኋላ ሃምሳ ቀን አይጾምም። እሷ እንቁላል ሰጠችኝ፤ አንቺ ግን ጾሜን ወሰድሽብኝ።"

"እማማ፣ እኔ እኮ አልዋሸሁዎትም…"

"አልዋሸሽም። ማን ዋሸሽ አለሽ? ሳህንሽን ውሰጂ።"

ከፎቁ የወረድኩት በደረጃ ነው፤ ሊፍቱን ለመጠበቅ በሩ ላይ መቆም አልቻልኩም። እንደተከዳሁ ነበር የተሰማኝ፣ ዛሬም ይሰማኛል። ጓደኛዬ ስሜን ሰርቃ ከዳችኝ። እማማ፣ ስለማልዋሽ ያመኑኝ ሴት፣ ባለመዋሸቴ አባረሩኝ። ዕድሜዬን ሙሉ ጥብቅና የቆምኩለት እውነትም በተፈለገበት ሰዓት አልቆመልኝም። ለሁሉም መልስ አለኝ፤ ደርድሬ መጻፍ እችላለሁ። የማልችለው አንዱን ጥያቄ ነው፤ ማፊኑ ደረቀ ባይባል ኖሮ እናገር ነበር?

ከዚያ በኋላ ያለውን የሰማሁት ከኬረሯ ነው፤ አውቶቡስ ማቆሚያ ላይ እንገናኛለን። እማማ እስከ ጾሙ ፍጻሜ ድረስ ከማንም ቤት የወጣ ምግብ አልቀመሱም። ሱፐርማርኬት የታሸገ ማፊን ያስገዙና፣ "ቪጋን" የሚለውን፣ ከእንስሳት ተዋጽኦ ነጻ ማለት የሆነውን ቃል ፊደሉን በጣታቸው እየተከተሉ ራሳቸው ያነቡታል። በእንግሊዝኛ ከሚያነቡት ጥቂት ቃል አንዱ ነው። ያ ማፊን ስኳርና ዘይት ነው፤ ዱባም ተምርም በአጠገቡ አላለፉም። የማያውቁትን ፋብሪካ አመኑ፣ እኛን ሁለታችንን ግን አላመኑም። ቀለበታቸውን በክር አድርገው አንገታቸው ላይ አስረውታል አለችኝ።

ፋሲካን ያለ እነሱ አሳልፌ አላውቅም ነበር። ባልጾምም ለመፍሰኩ አልቀርም፤ ጓደኛዬ በየዓመቱ በዚህ ትስቅብኛለች። ዘንድሮ አልተጠራሁም። በማግስቱ ጠዋት በሬን ስከፍት እጀታው ላይ የፕላስቲክ ከረጢት ተንጠልጥሏል፤ ውስጡ ሰማያዊው ቆርቆሮ። ጓደኛዬ ናት ያመጣችው፤ ደወሉን አልደወለችም። ቆሜ ክዳኑን ከፈትኩት። ታጥቧል፣ ተወልውሏል። ከታች የተነጠፈውን ወረቀት አንስቼ አየሁ። ከሥሩም ምንም የለም።

አንድ ቅዳሜ፣ ክርክሩን ቢያንስ በአንድ በኩል ለመርታት ብዬ፣ ሁለቱንም ጎን ለጎን ጋገርኩ፤ ስድስቱን በተልባ፣ ስድስቱን በእንቁላል። ዱባው አንድ፣ ኦቨኑ አንድ። ቀዝቅዘው ሲያልቁ ከአንዱ ቆርሼ፣ ከሌላው ቆርሼ፣ ውሃ ጠጥቼ እንደገና ቀመስኩ።

የእሷ ይሻላል። ይሄኛውን እውነት ለማንም አልነገርኩም።