መበለቲቱን አልድርም ያለችው ደራሲ

አግላያ ሴምዮኖቭና የፊልም ድርሰት የተማረችው ትራም ላይ ነው ቢባል ውሸት አይሆንም። በስቨርድሎቭስክ ከተማ አሥራ ሁለት ዓመት ትኬት ስትቆርጥ ጆሮዋ ሥራ ፈትቶ አያውቅም፤ ማን ከአማቱ እንደተጣላ፣ የማን ልጅ ከጦር ሜዳ እንዳልተመለሰ ሰምታ በልቧ ትይዘው ነበር። በሠላሳ አራት ዓመቷ ከሞስኮ የሲኒማ ትምህርቷን በተልዕኮ ጨረሰችና ከተማዋ ውስጥ ባለ ስቱዲዮ ተቀጠረች።

ሦስተኛ ድርሰቷ ጦርነት ባሏን ስለበላባት ግንበኛ ነበር። ለሴትዮዋ የትዳር ጠያቂ ይመጣላታል፤ ደግ ሰው ነው። እሷ ግን አስባ አስባ ብቻዬን ይሻለኛል ትለዋለች።

ድርሰቶችን የሚመረምረው ቦርድ ሰብሳቢ ሮዲዮን ካርፖቪች አስጠራት። ክፉ ሰው አልነበረም፤ ከሞስኮ የሚደወል ስልክ ግን ያስፈራዋል።

«በደንብ ጽፈውታል አግላያ ሴምዮኖቭና። መጨረሻው ላይ ግን ይዳሯት። ሕዝቡ ደስ ብሎት ይውጣ።»

«እኔ እናቷ አይደለሁም። ራሷን ቢጠይቋት እምቢ ነው የምትልዎት።»

«የት አግኝቼ ልጠይቃት?» አለ እየሳቀ።

አግላያ ግን የት እንደምትገኝ ታውቃለች። የአንድ ሳምንት ጊዜ ለምና ወደ ከተማዋ ዳቦ ፋብሪካ ሄደች። ጦርነቱ ካበቃ አሥራ አምስት ዓመት ቢያልፍም ከሠራተኞቹ እኩሌታው መበለት ነበር። በምሳ ሰዓት ድርሰቱን ከዳር እስከ ዳር አነበበችላቸው። የጎመን ሾርባው ቀዘቀዘ፤ የተነሳ ግን የለም።

መጀመሪያ የተናገረችው ሊጥ አቡኪዋ ፋይና ነበረች። «ደግ የሆነውን ሁሉ ያገቡታል እንዴ? እኛስ ጠያቂ አጥተን መሰለሽ? ብትድሪያት ዳግመኛ እዚህ እንዳናይሽ።»

በዚያው ዕለት ሴትዮዋ እንዳትዳር ብለው ለቦርዱ ደብዳቤ ጻፉ። መቶ አሥራ ሁለት ሴቶች ፈረሙ፤ ሁለተኛ ባል ያገቡትም ሳይቀሩ። ሮዲዮን ካርፖቪች በየስብሰባው «የሠራተኛው ድምፅ ይሰማ» ማለት ይወድ ነበርና አሁን ምን ይበል? ሁለት ጊዜ አነበበው፣ ራሱን ነቀነቀ፣ አጸደቀ። ያወጣባት አንድ ትዕይንት ብቻ ነው፤ ሴትዮዋ የባሏን ፎቶግራፍ ፊት ለፊት አድርጋ ቮድካ የምትጠጣበትን። አግላያ እሺ አለች፤ እሺ ማለቷ ግን ዕድሜዋን ሙሉ ቆጫት፤ ለጠየቃትም አልደበቀችም።

ፊልሙ መጀመሪያ የታየው በዳቦ ፋብሪካው ክበብ ነው። ሴቶቹ እሷ ያስቃል ብላ ባልጻፈችው ቦታ ሁሉ ሳቁ። ሲወጡ ፋይና ክንዷን ያዝ አደረገቻት።

«ተዋናይቷ ጎበዝ ናት፤ እጇ ግን ጡብ አንስቶ አያውቅም።»

አግላያ ይህን ተግሣጽ ከሽልማት ቆጠረችው። ከዚያ በኋላ በሃያ ዓመት ውስጥ ዘጠኝ ድርሰት ስትጽፍ፣ ስለ ባቡር ነጂ ከሆነ ለባቡር ነጂ፣ ስለ አዋላጅ ከሆነ ለአዋላጅ ሳታነብ ለቦርዱ ያቀረበችው የለም። ሁለቱን ቦርዱ ጣለባት። አላለቀሰችላቸውም፤ በሳምንቱ ሌላ ጀመረች።