በራስ ቤት ጓሮ

እናትነሽ በገዛችው ቤት ውስጥ አንድም ሌሊት አድራ አታውቅም። ቤቱ አዳማ ውስጥ፣ ከፍራንኮ ሰፈር አለፍ ብሎ፣ ኮብልስቶን በተነጠፈበት ቅያስ ላይ የሚገኝ፣ ሦስት መኝታ ክፍልና ሰፊ ሳሎን ያለው ቪላ ነው። እሷ፣ ባሏ ደገፋና ልጃቸው ጂቱ የሚኖሩት ግን ከቪላው ጀርባ፣ አጥሩን ተደግፈው በተሠሩት ሁለት የሰርቪስ ክፍሎች ነው። ቪላው ተከራይቷል።

እንዲህ የሚኖር ሰው በከተማው ብዙ ስለሆነ ነገሩ ማንንም አያስገርምም። በባንክ ብድር ቤት የገዛ ሰው ዋናውን ቤት አከራይቶ ሰርቪስ ይገባል፤ በኪራዩ ዕዳውን ይገፋል፤ ዕዳው ሲያልቅ ወደ ፊት ለፊቱ ይዛወራል። እናትነሽም ያሰበችው ይህንኑ ነበር።

ቤቱን የገዙት በ2008 ዓ.ም. ነው። ደገፋ ሞጆ ደረቅ ወደብ ትራንዚተር ነው፤ የነጋዴዎችን ዕቃ ከጉምሩክ ያስለቅቃል። እናትነሽ የተማሪ ዩኒፎርም ትሰፋለች። የእሱን ቁጠባና የእሷን ዕቁብ ደምረው ከቤቱ ዋጋ ሲሶ ያህሉን ከፈሉ። ለቀረው ባንክ አንድ ሚሊዮን ሁለት መቶ ሺህ ብር በአስር ዓመት የሚመለስ አበደራቸው። ያን ቀን ባንክ ቤት ተቀምጠው የጠየቁት አንድ ጥያቄ ብቻ ነበር፤ በወር ስንት ነው? አስራ ሰባት ሺህ ግድም ተባሉ። ኪራዩ አስራ ሁለት ሺህ ያመጣል፣ አምስቱን ሺህ ከደመወዝ እንሞላለን፣ ይቻላል ተባባሉ። የቤተ ክርስቲያን ወዳጆቻቸው መጥተው ሳሎኑ ውስጥ ዘመሩ፣ ጸለዩ፣ ቤቱን መረቁ። በማግስቱ ተከራይ ገባ።

ከዚያ ወዲህ እናትነሽ ቤቷን የምታውቀው ከጀርባው ነው። የወጥ ቤቱን መስኮት፣ የውኃውን ሮቶ፣ ክረምት ሲገባ የሚደፈነውን ቦይ ታውቃለች። ሳሎኑ ውስጥ የሌላ ሰው ቴሌቪዥን ሲያወራ ትሰማለች። ጂቱ ለማትሪክ ያጠናችው በስፌት መኪናው ጠረጴዛ ላይ ነው፤ ልጅቷ ስታጠና እናት ሥራ ትፈታለች፣ እናት ስትሰፋ ልጅቷ ደብተሯን ይዛ አልጋ ላይ ትወጣለች። የእናትነሽ እህት ከመቂ ስትመጣ በር ላይ ቆማ፣ «ባለ ቪላዋ! በየት በኩል ነው የሚገባው?» እያለች ትቀልዳለች። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት እናትነሽ አብራ ትስቅ ነበር።

ዘንድሮ መጋቢት ላይ አስሩ ዓመት ሞላ። በዚያው ሰሞን የጂቱ እጮኛ ጋሮምሳ በሚያዝያ መጨረሻ እሁድ ሽማግሌ እንደሚልክ አስታወቀ። እናትነሽ ሁለቱን ነገሮች አንድ ላይ አሰበቻቸው። ሽማግሌዎቹን ሳሎኗ ውስጥ ልትቀበል ቆረጠች። ለተከራዩ ለሳሊህ ቤቱን እንዲለቅ አስቀድማ ነግራው ስለነበር እሱም ሌላ ቤት እያፈላለገ ነበር። የቀረው ባንክ ሄዶ፣ ዕዳው አልቋል አሰኝቶ፣ የቤቱን ካርታ መረከብ ነው።

ሄዱ። ሉሊት የምትባል ወጣት የብድር ሠራተኛ ኮምፒውተሯን አየችና ወንበር ሳበችላቸው።

«ካርታችንን ልንወስድ ነው የመጣነው» አለ ደገፋ።

«አባባ፣ ብድሩ ገና አላለቀም እኮ።»

«አስር ዓመት ሞላው!»

«አስር ዓመት የሚለው የመጀመሪያው ውል ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ወለዱ ከአስራ አንድ ተኩል ወደ አስራ ሰባት ሲያድግ ምርጫ ተሰጥቷችሁ ነበር፤ ወይ የወሩ ክፍያ ይጨምራል፣ ወይ ጊዜው ይረዝማል። ጊዜው ይርዘም ብላችሁ ፈርማችኋል።»

«ጥቂት ወር ነው የመሰለን» አለ ደገፋ።

«አምስት ዓመት ሊሞላ ትንሽ ነው የሚቀረው።»

«ስንት ቀረብን?» አለች እናትነሽ።

«ስድስት መቶ ሰባ ሺህ ግድም።»

«እስካሁን የከፈልነውስ?»

«ሁለት ሚሊዮን አልፏል።»

«የተበደርነው እኮ አንድ ሚሊዮን ሁለት መቶ ሺህ ነው፣ ልጄ። ሁለት ሚሊዮን ከፍለን እንዴት ግማሹ ይቀራል?»

ሉሊት ይህን ጥያቄ ከብዙ ሰው የሰማች ትመስላለች፤ አልቸኮለችም። «ወለዱ የሚታሰበው ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ነው፣ እማማ። ወለዱ ያደገ ጊዜ በየወሩ ከምትከፍሉት አስራ ሰባት ሺህ ውስጥ አስራ አምስቱ ሺህ ወለድ ነበር። ከዋናው ዕዳ የሚነሳው ሁለት ሺህ ብቻ። ያን ጊዜ ወሩን ከፍ አድርጋችሁት ቢሆን ዛሬ ካርታውን ትወስዱ ነበር። አሁንም ከግማሽ በላዩ ወለድ ነው።»

«አሁን ምን ይሻላል?»

«በአንድ ጊዜ ጠቀም ያለ ገንዘብ ብታገኙ ዋናውን ቀንሱት። ሦስት መቶ ሺህ ብታመጡ አምስቱ ዓመት ወደ ሁለት ዓመት ከጥቂት ወር ይወርዳል። ግን ከዋናው ይነሳልን ብላችሁ በማመልከቻ ጠይቁ። ዝም ብላችሁ ካስገባችሁት የሚመጡት ወሮች ቅድሚያ ክፍያ ተብሎ ይያዛል፤ ጊዜው አያጥርም።»

ወደ ቤት የተመለሱት በባጃጅ ነው። ግማሽ መንገድ ላይ ደገፋ፣ «ኮንቴይነር ነው» አለ።

«ምኑ?»

«ዕዳው። ወደብ ላይ ሳይነሳ ባደረ ቁጥር የወደብ ኪራይ ይቆጥራል። ቶሎ አንሡ፣ ቶሎ አንሡ እያልኩ ለሰው ስለፈልፍ ነው የምውለው። የራሴን ስምንት ዓመት አሳድሬዋለሁ።»

«እኔ ነኝ ያሳደርኩብህ» አለች እናትነሽ። «ወለዱ ጨመረ ብለህ የመጣህ ቀን፣ የወሩን እንዳትነካ ብዬሃለሁ። ጂቱ ኮሌጅ ልትገባ ነበር።»

«ብነካው በምን እንከፍል ነበር?»

 

ማታ ሒሳቡን አሰቡት። ሳሊህ አሁን በወር ሃያ አምስት ሺህ ይከፍላል። እሱን አስወጥተው ቪላው ቢገቡ የባንኩ አስራ ሰባት ሺህ ከደገፋ ደመወዝ መውጣት አለበት፤ ከዚያ የሚተርፈው ከአስር ሺህ እምብዛም አይበልጥም። አምስት ዓመት ሙሉ በዚያና በስፌት መኖር አይቻልም። ስለዚህ ሳሊህ አይወጣም፣ እነሱም አይገቡም። ይህን ለመወሰን ክርክር አላስፈለገም። ያከራከራቸው ሽማግሌ የሚመጣበት እሁድ ነበር።

«ሽማግሌ ሰርቪስ ውስጥ አልቀበልም» አለ ደገፋ። «ለአንድ ከሰዓት በኋላ ሳሎኑን እንዋሰው።»

«የራሴን ሳሎን ልዋስ?»

«እኔ መጠየቅ አልችልም። አንቺ ከሳሊህ ሚስት ከቦንቱ ጋር ትግባቢያለሽ።»

በማግስቱ እናትነሽ ግቢውን ዞራ የፊት ለፊቱን በር አንኳኳች። ሳሊህ የመቂ ሽንኩርትና ቲማቲም ወደ አዲስ አበባ የሚያስጭን ደላላ ነው። ስልኩን ጆሮው ላይ እንደያዘ ከፈተላት። «አስጭነው! ፀሐይ ሳይመታው አስጭነው!» ብሎ ዘጋና፣ «እትዬ፣ አይጨነቁ፣ ቤት እየፈለግኩ ነው» አላት። «የቤት ደላሎቹ ናቸው ያንገላቱኝ። ደላላ ደላላን ሲበላ አይተው ያውቃሉ?»

«ቤት መፈለጉን ተወው። ዕዳው አላለቀም። መኖር ትችላለህ።»

ሳሊህ የደስታ ፊቱን ቶሎ ሰበሰበው። ሚስቱ ቦንቱ ከውስጥ ሰምታ ብቅ አለች።

«ሌላ ደግሞ አንድ ነገር ላስቸግራችሁ ነው» አለች እናትነሽ። «ለእሁድ ሳሎኑን ብታውሱኝ። ለጂቱ ሽማግሌ ይመጣል።»

«ሳሎንዎን?» አለች ቦንቱ።

«በሰዓት ነው በቀን?» አለ ሳሊህ። እናትነሽ አልሳቀችም፤ ትንሽ ቆይታ ግን ሳቀች። ሳቋ ሲመጣ ሳሊህ አፈረ። «ቀልዴን ነው፣ እትዬ። ሙሉ ቀን ይውሰዱት። የካዕባውን ሥዕል ላውርደው?»

«ተወው፣ የቤቱ ነው» አለች።

እሁድ ከአምልኮ በኋላ ሦስት ሽማግሌዎች መጡ። ንግግሩን የያዙት የጋሮምሳ አባት የሥራ ባልደረባ፣ ጋሽ ልዑልሰገድ ናቸው። ደገፋ ሶፋውን አሳያቸው፤ እሳቸውም እንደ ወጉ፣ «የመጣንበትን ሳንናገር አንቀመጥም» አሉ። የቦንቱ መጋረጃ ወፍራም ስለሆነ ክፍሉ ጨልሞ ነበር።

«መብራቱን አብሪልን» አላት ደገፋ።

እናትነሽ ማብሪያውን ፍለጋ በሩ አጠገብ ያለውን ግድግዳ በእጇ ዳሰሰች። የለም። ወደ ማዶው ግድግዳ ሄደች። እዚያም የለም። ሽማግሌዎቹ ቆመው ይጠብቃሉ። ቦንቱ ውኃ ይዛ ከወጥ ቤት ስትመጣ ነገሩን አየችና ከቡፌው ጀርባ እጇን ሰዳ አበራችው።

ጋሽ ልዑልሰገድ መጀመሪያ ቦንቱን፣ ቀጥሎ ግድግዳው ላይ ያለውን ካዕባ፣ በመጨረሻ እናትነሽን አዩ። «ይቅርታ አድርጉልኝና» አሉ፣ «ቤት ተሳስተን ይሆን እንዴ?»

ደገፋ ያዘጋጀው መልስ ሳይኖረው አልቀረም፤ እናትነሽ ግን ቀደመችው። ለመሸፈን የሚሆን ጉልበት አልቀራትም።

«አልተሳሳታችሁም። ቤቱ የእኛ ነው፣ ሳሎኑ ግን የተከራያችን። እኛ የምንኖረው ጓሮ፣ ሰርቪስ ውስጥ ነው። ካርታው ባንክ ነው። ዘንድሮ ያልቃል ያልነው ዕዳ ገና አምስት ዓመት ይቀረዋል ተባልን። ለዛሬ ብቻ ነው የተዋስነው።»

ደገፋ ወለሉን ያይ ነበር። ከሽማግሌዎቹ አንዱ ጉሮሮውን ጠረገ።

«እኛ የመጣነው ልጅ ልንለምን ነው» አሉ ጋሽ ልዑልሰገድ። «ሳሎን ብንፈልግ ደላላ ነበር የምንልከው።»

«ደላላው እዚህ አለሁ፣ አባቴ!» አለ ሳሊህ ከኮሪደሩ። ሁሉም ሳቁ፤ ደገፋም ጭምር።

ጋሽ ልዑልሰገድ ሳቃቸውን ጨርሰው፣ «እንግዲያው ወደምትኖሩበት ውሰዱን» አሉ። «ልጅቷ ያደገችበት ቆመን እንናገር።»

በወጥ ቤቱ በር ወጥተው፣ በሮቶው ስር አልፈው፣ ሰርቪሱ ደጃፍ ላይ ከስፌት መኪናው አጠገብ ቆሙ። ያልተተኮሰ የዩኒፎርም ቁልል ነበር፤ ጂቱ በሩጫ አነሳችው። ጋሽ ልዑልሰገድ ጉዳያቸውን ተናገሩ። ደገፋም በወጉ መሠረት፣ «እናስብበት፤ ከሁለት ሳምንት በኋላ ተመለሱ» አለ።

«ስንመለስ የት ነው? ፊት ለፊት ወይስ ጓሮ?»

«ጓሮ» አለች እናትነሽ።

በዚያ ሳምንት ሳሊህ አዲስ ውል ለመጻፍ ሲመጣ እናትነሽ ጥያቄዋን ይዛ ጠበቀችው፤ የአንድ ዓመት ኪራይ በቅድሚያ ይከፍል እንደሆነ። ሽንኩርት ዋጋ ያወጣበት ሰሞን ስለነበር ገንዘቡ በእጁ ነበር። «ቅናሽስ?» አለ።

«ሳሎን አውሰኸኝ ተካክሰናል።»

«ሀዬ፣ ተሸነፍኩ» ብሎ ከፈለ።

ሦስት መቶ ሺውን ይዘው ባንክ ሄዱ። ማመልከቻውን የጻፈችው ጂቱ ናት፤ ገንዘቡ ከዋናው ዕዳ እንዲነሳ ይላል። ሉሊት ተቀብላ አዲሱን የማብቂያ ጊዜ ነገረቻቸው፤ ሁለት ዓመት ከጥቂት ወር። እስከሚመጣው ዓመት ኪራይ የሚባል አይገባም፤ የወሩ ክፍያ ሙሉ በሙሉ ከደገፋ ደመወዝ ይቆረጣል፣ ቤቱ በተረፈውና በስፌት ይኖራል። እናትነሽ ይህን ሁሉ ራሷ ጠይቃ፣ ራሷ ደግማ ተናግራ፣ ልክ ነሽ እስክትባል ጠበቀች። ከዚያ ሁለቱም ፈረሙ።

ከባንክ ሲወጡ ገበያ ጎራ አሉና እናትነሽ ለኮርኒስ የሚሆን አንድ ጣቃ አቡጀዲ ገዛች። የሰርቪሱ ጣሪያ ኮርኒስ የለውም፤ ልንወጣ ነው፣ ለምን እናባክናለን እያሉ አንድ ቀን አልሠሩለትም። በግንቦት ቆርቆሮው ሲግል ከእኩለ ቀን በኋላ ውስጥ መቀመጥ አይቻልም።

«ለሁለት ዓመት ነው?» አላት ደገፋ ጣቃውን ተሸክሞ።

«ለሁለት ዓመት ነው» አለች።

ማታውን የክፍሉን ስፋት ለካች። ዩኒፎርሞቹን ወደ ጎን አደረገች፣ መኪናው ላይ ነጭ ክር አገባችና አቡጀዲውን ፈርጅ በፈርጅ እየገጠመች ትሰፋ ጀመር።