አበልጁን ያስወጣ አሰልጣኝ

ስታማቲስ ለግሪኳ ከተማ ለካቫላ ክለብ አሥራ ስድስት ዓመት ቅርጫት ኳስ ተጫውቶ ጉልበቱ ሲከዳው እዚያው አሰልጣኝ ሆነ። በመጀመሪያ ዓመቱ ማብቂያ፣ ከተሸነፉ ከሊጉ በሚወርዱበት ጨዋታ፣ አምበሉ ፋኑሪስ አራት ጊዜ በተከታታይ ሳተ። ፋኑሪስ የስታማቲስን ሴት ልጅ ክርስትና ያነሳ አበልጁ ነው። ስታማቲስ አምስት ደቂቃ ሲቀር ቀየረው።

«የልጅህን ክርስትና አባት ታስወጣለህ?» አለ ፋኑሪስ።

«ክርስትናውን ቤተ ክርስቲያን እናወራዋለን። ተቀመጥ።»

ፋኑሪስ ተቀምጦ ጨዋታውን ማየት ጀመረ። «የእነሱ ዘጠኝ ቁጥር በግራ ብቻ ነው የሚያልፈው፤ ዓይንህም እንደ ጉልበትህ ሆነ እንዴ?»

ስታማቲስ ይህንኑ ለተከላካዩ ጮኾ ነገረው። ዘጠኝ ቁጥሩ ከዚያ በኋላ አላገባም፤ ካቫላዎች በአንድ ነጥብ አሸንፈው በሊጉ ቆዩ። ፋኑሪስ ግን የክርስትና ልጁ በስሟ የተጠራችባት ቅድስት በዓል እስኪደርስ ድረስ ስታማቲስን አላናገረውም።