ባሕር ማዶ የታወቀው ወረቀት ቆራጭ

ባሌ ወረቀት ቆራጭ ነው። ማተሚያ ቤት ውስጥ፣ ለጣት የማይራራ ማሽን ሥር የወረቀት ቁልል እያስገባ ሲቆርጥ ሃያ ሁለት ዓመት ሆነው። በዓመት አራት ወር ደግሞ ያለ ደመወዝ ፈቃድ ይወጣና ባሕር ማዶ ቤዝ ጊታር ይጫወታል። ባንዱ ውስጥ አምስት ናቸው፤ ከተማሪነታቸው ጀምሮ አብረው ያረጁ። እዚያ አዳራሽ ይሞላሉ። ቋንቋችንን የማያውቅ ሕዝብ አዝማቹን እየተኮላተፈ አብሯቸው ይዘፍናል። እዚህ ግን ሰርግ ላይ የሌላ ሰው ዘፈን ይጫወታሉ፤ ያውም «ኧረ ቀንሱት፣ መነጋገር አልቻልንም» እየተባሉ።

ይህን የሰማ ሁሉ «ነቢይ በአገሩ አይከበርም» ይለኛል። ስንቴ ሰማሁት! እኔ ነቢይ አላገባሁም። ያገባሁት ከመንገድ ሲመለስ ወገቡን ይዞ የሚገባ፣ ሻንጣውን ሳይፈታ ሶፋ ላይ የሚያንቀላፋ ሰው ነው። ልጆቹ ሲታመሙ ሐኪም ቤት የወሰድኳቸው ለብቻዬ ነው፣ ጣሪያው ሲያፈስ ሠራተኛ የፈለግሁት ለብቻዬ ነው። ልብስ ሰፊ ስለሆንኩ መድረክ ላይ የሚለብሷቸውን አረንጓዴ ሸሚዞችም የሰፋሁት እኔው ነኝ። ደክሞኛል። ይህን ለመናገር አላፍርም።

እንዲህ እያለን ሁለት ነገር ባንድ ሳምንት መጣ። የባሕር ማዶዎቹ አዘጋጆች «ሁለት ዓመት ሙሉ እዚህ ሁኑና ከከተማ ከተማ ተጫወቱ» አሏቸው። የማተሚያ ቤቱ ባለቤት፣ ሁላችንም ጋሼ የምንላቸው ሰው፣ ደግሞ የክፍሉ ኃላፊ ሊያደርጉት ፈለጉ።

«ግን ከእንግዲህ ፈቃድ የሚባል ነገር የለም» አሉት። «ወይ እዚህ፣ ወይ እዚያ። ሰኞ ንገረኝ።»

እኔ «አትሂድ» አልኩት። እሱ አንዴ እሺ ይላል፣ አንዴ ጆሮ ዳባ ልበስ ይላል። በመጨረሻ ሁለታችንም ሲሰለቸን እንዲህ አለኝ።

«ቅዳሜ ጋሼ ሴት ልጃቸውን ሲድሩ የምንጫወተው እኛ ነን። ከዚያ ሁሉ ሰው አንድ እንኳ፣ ሳንነግረው፣ ከራሳችን ዘፈን አንዱን ተጫወቱልኝ ካለ እቀራለሁ። አገሬ አንዴ ከጠየቀኝ ይበቃኛል።»

«ካልጠየቀህስ?»

«ካልጠየቀኝማ ምን አደርጋለሁ፣ የሚፈልገኝ ጋ እሄዳለሁ።»

ትዳር በዕጣ ሲወሰን ያየሁት ያን ጊዜ ነው። ግን ክርክሩ ታክቶኝ ስለነበር እሺ አልኩ።

ቅዳሜ ቀትር ላይ አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። ጋሼ ባዘዙት መሠረት አምስቱም ጥቁር ሱፍ ለብሰው ነበር። አንዲት ሴትዮ ባሌን አስተናጋጅ መስሏት ውሃ ጠየቀችው፤ እሱም ሄዶ አመጣላት። ሰዉ ይበላል፣ እነሱ ይጫወታሉ፣ ማንም ቀና ብሎ አያይም። እኔ መድረኩ አጠገብ ካለው ጠረጴዛ ሆኜ፣ እግዜር ይቅር ይበለኝና፣ አንድ ሰው እንዲጠይቅ እጸልይ ነበር።

ሙሽራው ስልኩን ይዞ መጣ።

«ይቅርታ» አለው ባሌን። «ይቺን ዘፈን ትችሏታላችሁ?»

አንገቴን አስግጌ አየሁ። ከሩቅ የተቀረጸ ትልቅ መድረክ ነው፤ አምስት ትንንሽ ሰዎች ይታያሉ። ፊታቸው አይለይም፤ ሸሚዞቼን ግን ለየኋቸው። ባሌም ቀና ብሎ አየኝ።

«የማን ናት?» አለ።

«እኔንጃ፣ እዚያው ውጭ ተወልደው ያደጉ ልጆች ናቸው አሉ። የኛን ቋንቋ እንዴት አሳምረው እንደሚዘፍኑት!»

ዘፋኛቸው ሊናገር አፉን ሲከፍት ባሌ ክንዱን ያዘው። ከዚያ ተጫወቱ። ሠላሳ ዓመት ሰምቻቸዋለሁ፤ እንደዚያን ቀን ሆነው ሰምቻቸው አላውቅም። ሙሽራው ከሙሽሪት ጋር ጨፈረና ሲጨርስ ተመልሶ ባሌን ትከሻውን መታ መታ አደረገው።

«አሪፍ ሞክራችኋል! እንደ ዋናዎቹ አይሆንም እንጂ።»

«አይሆንም» አለ ባሌ። «እነሱ ጋ መድረስ ከባድ ነው።»

ሳቄ መጣ። ወዲያው ደግሞ ሆድ ባሰኝ።

ታክሲ ውስጥ ጊታሩን ጉልበቱ መሃል አድርጎ «እንግዲህ ተጠየቅን» አለኝ። «ሰኞ ለጋሼ እሺ እላቸዋለሁ።»

«የምርህን ነው?»

«ዘፈኑ ተጠየቀ እኮ። የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ።»

ስንት ዓመት የለመንኩት ነገር ነው። ዝም ብል ኖሮ ይቀርልኝ ነበር። በየቀኑ አሥራ አንድ ተኩል ላይ በሩን ከፍቶ ይገባልኝ ነበር። ግን በመስኮት ወደ ውጭ ሲያይ ፊቱን ከጎን አየሁት፤ የተሸነፈ ሰው ነው። አንጀቴን በላው። እንዲህ ሆኖ የሚቀር ባል ምን ያደርግልኛል?

«ስማኝ» አልኩት። «ልጁ የጠየቀው እነዚያን ነው። አንተን ማንም አልጠየቀህም።»

ዞር ብሎ አየኝ። ክፉኛ እንዳመመው ታወቀኝ። እኔንም አሞኛል።

«ማንም?» አለ።

«ማንም። ሂድ።»

እጄን ያዘኝና ሰፈራችን እስክንደርስ አልለቀቀኝም። ሰኞ ማሽኑን ለሌላ ሰው አስረከበ። ሁለት ዓመት ነው የተባለው፤ እስካሁን ያለፈው ስምንት ወር ነው።