ያስማልኳቸው ምስክር

ዳኛው «ማስረጃው በቂ ስላልሆነ ተከሳሹ መከላከል ሳያስፈልገው በነፃ ይሰናበት» ሲሉ አላለቀስኩም። ከአዳማው ፍርድ ቤት ወጥቼ ግቢው ውስጥ ቆምኩ። ፀሐዩ አናት ይበሳል። ተከሳሹ ሾፌር በአጠገቤ ሲያልፍ «እግዜር ያጽናሽ» አለኝ። «አሜን» አልኩት። ምን ልበል ታዲያ?

ታላቅ ወንድሜን የገደለው የሱ አይሱዙ ነው። ወንድሜ ወለንጪቲ መውጫ ላይ ባጃጁ ውስጥ ነበር። ሾፌሩ «ድንገት መንገድ ውስጥ ገባብኝ» አለ። ሌላ በቦታው የነበሩት አንዲት ሐብሐብ ሻጭ እናት ብቻ ናቸው። ፖሊስ ያን ዕለት «እዚያው ነበርኩ» ማለታቸውን ብቻ ጽፎ ሄደ።

በሰልስቱ ማግስት የሾፌሩ ወገኖች ሽማግሌ ይዘው መጡ። ትንሹ ወንድማችን ደሙ ፈልቶ «እኔ እጄን አጣጥፌ አልቀመጥም» እያለ ነበር። አንዱን ቀብሬ ሌላውን ወህኒ ልሰድ? ስለዚህ ለእርቁ ከማንም በላይ የሮጥኩት እኔ ነኝ። ሽማግሌዎቹ ሁለቱም ወገን እርጥብ ሳር ይዞ፣ ነገሩን ዳግም በአፉ ላያነሳ፣ በቀልም ላይፈልግ እንዲምል አዘዙ። እኔ ደግሞ አንድ ነገር ከያዝኩ ልክ የለኝም፣ «ሐብሐብ ሻጯም ይማሉ! ልጁን የሚያነሳሳው የገበያ ወሬ ነው» አልኩ። ባጃጅ ተኮናትሬ ራሴ አመጣኋቸው። ትንሹ ወንድሜም እሳቸውም ማሉ። እርቁ የኛ፣ ክሱ ግን የመንግሥት መሆኑን ማን ነግሮኝ!

ፍርድ ቤት ቀርበው «አላየሁም» አሉ። የፊተኛው መሐላ በልጦባቸው ነው። በቃ፣ መዝገቡ ተዘጋ።

ዐቃቤ ሕጓ ወጣት ናት፤ ሰንብቼ ቢሮዋ ስሄድ ቁጣዬን ችላ አስጨረሰችኝ። «ይግባኝስ ልበል፣ በምን? የበላይ ፍርድ ቤት የሚያየው መዝገቡን ነው፣ መዝገቡ ላይ ያለው ‹አላየሁም› ነው። ሴትዮዋ እውነቱን እናገራለሁ ካሉ ግን እንደገና ይሰሙልኝ ብዬ እጠይቃለሁ። የይግባኙ ጊዜ ሊያልፍ ሦስት ቀን ቀርቶታል» አለችኝ።

በማግስቱ ወለንጪቲ ሄድኩ። ሐብሐቡን በእርጥብ ጨርቅ እየወለወሉ «አካም ጅርታ፣ ልጄ?» ብለው ሰላም አሉኝ።

«እማማ፣ በሞቴ፣ ያዩትን ይናገሩልኝ።»

«ያስማልሽኝ አንቺ አይደለሽም እንዴ?»

«እኔ ነኝ።»

«እንግዲያው ሽማግሌዎቹን መልሰሽ አስቀምጪ። የማለው ሁሉ ከመሐላው ይፈታ፣ ያኔ እናገራለሁ። እኔን ለብቻዬ መፍታት የለም።» ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ወንድምሽ መንገድ ውስጥ አልገባም። ባጃጁን ጥግ አስይዞ፣ እዚያው እንደተቀመጠ ሐብሐብ እየመረጠ ነበር። መኪናው ነው ከመንገዱ ወጥቶ የመጣበት። ላንቺ መንገሬም ኃጢአት ነው።»

ልቤ ይሰነጠቃል ብዬ ጠበቅኩ። ምንም አልመጣም። የጠየቅኳቸው ትልቁን ሐብሐብ ነበር ወይስ ትንሹን የመረጠው ብዬ ነው፤ ወይ እኔ! «ትልቁን» አሉኝ። አመስግኜ ተነሳሁ።

ሚኒባስ ውስጥ አንድ ነገር ብቻ አሰብኩ፦ የማለው ሁሉ ከተፈታ፣ ትንሹ ወንድሜም ይፈታል። የሾፌሩን ቤት ደግሞ ያውቀዋል።

ቤት ስደርስ ትንሹ ወንድሜ ከእናቴ ጋር ምሳ ላይ ነው። «እ? ምን አሉ?» አለኝ፣ ጉርሻው እጁ ላይ እንዳለ።

«ወንድማችን ራሱ ነው መንገድ ውስጥ የገባው አሉ» አልኩ። ድምፄ አልተንቀጠቀጠም፤ ይኼ ነው እስከዛሬ የሚያስፈራኝ።

ጉርሻውን ጎረሰ። እናቴ «ድሮም ችኩል ነበር፣ ልጄ» አለች።

ለዐቃቤ ሕጓ ሳልደውል ሦስተኛው ቀን አለፈ። እናቴ አሁንም ሊያጽናናት ለመጣው ሁሉ «ችኩልነቱ ነው የገደለብኝ» ትላለች። ዞር ብላ ታየኛለች፣ እኔም «አዎ» እላለሁ።